ባለቤቱ ያልታወቀ ሰላም

ኅዳር 6 ቀን

ይድረስ ለእህቴ ልጅ፣

ከሰላምታዬ በፊት ልትረዳው የሚገባህ አንድ ነገር አለ። እናትህ ደብዳቤህን የምትሰማው በእኔ አንደበት ነው። እሷ ፊደል አልቆጠረችም፤ እኔም መነጽሬን እስክወለውል እንኳ ፋታ አትሰጠኝም። ስለዚህ አንተ እዚያ ምሽግ ውስጥ ሆነህ የጻፍከውን እያንዳንዱን ቃል፣ እኔ እዚህ ሳሎን ውስጥ ጮክ ብዬ እንደማነበው አትርሳ።

አሁን ሰላምታዬን ተቀበል። ፈጣሪ ከጥይት፣ ከብርድና ከአለቃ ቁጣ ይሰውርህ። እኔ ከጉልበቴ በቀር ደህና ነኝ።

ወደ ጉዳዩ ልግባ። ያለፈው ደብዳቤህ የመጀመሪያ ገጽ የሚያበቃው እንዲህ ብሎ ነው፦ «እዚህ ሽፍታ መከራችንን እያሳየን ነው፤ ትናንት ደግሞ እኔን ያዘኝ።» ገጹን እስክገለብጥ ድረስ እናትህ እሪታዋን አቀለጠችው። ጎረቤት ተሰበሰበ። ጡረተኛው ፖሊስ «ካርታ አምጡ» አለ። ልብስ ሰፊዋ እናትህን ደግፋ ይዛ «እንዲህ በቀላሉ የሚያዝ ልጅ አልነበረም እኮ» እያለች ጭራሽ አባሰችባት። ገጹን ስገለብጠው «ጀርባዬን እያሳከከኝ እንቅልፍ አጣሁ፤ ነጭ ቅባት ሰጥተውኛል» ይላል።

ልጄ፣ ጫካ የሚገባውም ቆዳ ላይ የሚወጣውም ሽፍታ የሚጻፈው በአንድ ዓይነት ፊደል ነው። ቃሉ ጥፋት የለበትም፤ ያጠፋኸው አንተ ነህ፣ ገጹን እዚያ ላይ በመቁረጥህ። «የቆዳ» የምትል አንዲት ቃል ብትጨምር ኖሮ ጡረተኛው ፖሊስ ምሳውን በሰላም ይበላ ነበር።

እናትህ የምትጠይቅህ ይህ ነው፦ ትበላለህ ወይ? እግርህ ይደርቃል ወይ? ጦርነቱ ሊያልቅ ነው የሚባለው እውነት ነው ወይ? ለሦስቱም በተራ መልስ።

አጎትህ


ኅዳር 28 ቀን

ይድረስ ለማከብርዎ ለጋሼ፣

ፈጣሪ ዕድሜዎን ያርዝምልኝ፤ ጉልበትዎንም ዕድሜዎን የሚሸከም ያድርግልዎ። ለእማዬ ሽፍታው ጠፍቷል ይበሉልኝ። የቆዳው።

በተራ እመልሳለሁ። እበላለሁ፤ ምስር ነው። ወጥ ቤታችንን «ዛሬ ምን ሠራህ?» ስንለው «ገምቱ» ይለናል። እስካሁን የተሳሳተ ሰው የለም። እግሬ አይደርቅም፤ ካልሲ ቢልኩልኝ ደስ ይለኛል። ጦርነቱ ሊያልቅ ነው የሚባለውን በይፋ የነገረን የለም፤ ምልክቱ ግን ሞልቷል። ሦስት ዓመት ሙሉ ሲጮኽብን የኖረው ሃምሳ አለቃ ሰሞኑን «እባካችሁ» ማለት ጀምሯል። ከጦርነቱ በኋላ ሱቅ ሊከፍት ስላሰበ ከወዲሁ ደንበኛ እየያዘ ነው ይባላል። ጀግናም ጠፋ። ዱሮ «ማን ይወጣል?» ሲባል የሚሽቀዳደሙት ሁሉ አሁን የጫማቸውን ማሰሪያ ለማሰር ጎንበስ ይላሉ። አንዱማ ጫማውን ሳያደርግ ነው ጎንበስ ያለው። ከወንዙ ማዶ ያሉትም ከእኛ አይሻሉም፤ ጠዋት ሻያቸውን ጠጥተው ወደ ባዶው ኮረብታ ጥቂት ይተኩሳሉ፣ እኛም ለወጉ ያህል ወደ ባዶው ሜዳ እንመልሳለን።

ያለነው አንድ የተዘጋ ትምህርት ቤት ውስጥ ነው። ሬዲዮዬ የተተከለችው በአንደኛ ክፍል ነው፤ ሰሌዳው ላይ የተጻፈው የልጆች ሂሳብ ገና አልተደመሰሰም። ሻምበሉ የሚቀመጡት በልጆች ወንበር ስለሆነ ጉልበታቸው አገጫቸው ጋ ይደርሳል። ቁጣ ሲመጣባቸው መጀመሪያ ከወንበሩ መላቀቅ አለባቸው፤ እስኪላቀቁ ቁጣው ይበርዳል።

ወንዙ ላይ ካለው ድልድይ አጠገብ ያለው የድልድዩ ምሽግ ግን ቀልድ የለበትም። ሰው ካጠፋ የሚላከው ወደዚያ ነው። ፀጉር አስተካካያችን ለጥበቃ አርፍዶ ተላከ፤ አልተመለሰም። የሁላችንም ፀጉር አድጓል፣ ስለ ፀጉር ግን አንድም ሰው አያወራም። ይህችን መስመር ለእማዬ አያንብቡላት።

ልጅዎ
(ሬዲዮ ላይ ስለምውል ጓደኞቼ «ጆሮ» ይሉኛል)


ታኅሣሥ 17 ቀን

ለእህቴ ልጅ፣

ጤናህን ይስጥህ፤ ያንንም ለመጻፍ የሚሆን ጊዜ ይስጥህ።

ካልሲው ተልኳል። እናትህ ራሷ ናት የሠራችው፤ የግራው ከቀኙ ይረዝማል። ብነግራት «እግሩን የማውቀው እኔ ነኝ» አለችኝ።

አታንብብ ያልከኝን መስመር ዘለልኩ። ዓይኗን ከአፌ ነቅላ አታውቅምና «ምን ዘለልክ ወንድም ጋሼ?» አለችኝ። «ነጥብ ነው» አልኳት። «ነጥብ ነው እንዲህ ምራቅ ያስዋጠህ?» አለች። ስለዚህ ሁለተኛ የሚዘለል ነገር ስትጽፍ በሌላ ወረቀት አድርገው።

«ባዶ ሜዳ» ብለሃል። የሚተኮስበት ሜዳ ባዶ መሆኑን አረጋግጠሃል?

አጎትህ


ጥር 9 ቀን

ይድረስ ለጋሼ፣

እንደ ልጅነቴ ጉልበትዎን ስሜ ልጀምር። ይህ ወረቀት የእርስዎ ብቻ ነው። ለእማዬ የሚነበበው ስለ ካልሲው የጻፍኩት ነው።

ጋሼ፣ ጉድ ሆኛለሁ።

ባለፈው ማክሰኞ እኩለ ቀን ላይ ድልድዩን ተሻግረን እንድናጠቃ ታዘን ነበር። ያን ዕለት ጠዋት ሁሉም ጠመንጃውን ደጋግሞ ይወለውል ነበር። ወጥ ቤቱ ምስሩን ጨው አበዛበት፤ «ምነው?» ያለው የለም። እንዲህ እንዳለን ሬዲዮዋ ጮኸች፤ መምሪያው ነው። አነጋገርኩት። ሻምበሉ ከወንበራቸው ሆነው «ምን ይላል?» አሉኝ። እኔም አንዲት ቃል ሳልጨምር «ሰላም ነው ይላል» አልኳቸው።

ሻምበሉ ብድግ ሲሉ ወንበሩም አብሯቸው ተነሣ። ወንበሩ እንደተጣበቀባቸው በመስኮት ብቅ ብለው «ሰላም ነው! ሰላም ነው!» ብለው ጮኹ።

ከዚያ ወዲያ ማን ያቁመው? ሃምሳ አለቃው ያገኘውን ሁሉ እያቀፈ ሳመ። ወጥ ቤቱ የደበቀውን ስኳር አወጣ፤ ለካስ ስኳር ነበረን። ወታደሩ ልብሱን አጥቦ የሽቦ አጥሩ ላይ አሰጣ። የማዶዎቹ በመነጽር ሲያዩን ቆዩ፣ ግራ ተጋቡ፣ በኋላ እነሱም አጥበው አሰጡ። ጋሼ፣ የእነሱ ካልሲ ከእኛም የባሰ ነው! እኩለ ቀን አለፈ። ያን ቀን ከእኛም ከእነሱም አንድ ሰው አልተቧጨረም።

ማምሻውን መምሪያው ደግሞ ጠራ፦ «ድልድዩን ያዛችሁ?»

ሻምበሉ መነጋገሪያውን ነጠቁኝ። «የምን ድልድይ? ሰላም ነው እኮ!»

«እኛም ሰላም ነን። ድልድዩስ?»

የሻምበሉን ፊት ያን ጊዜ ያየ ሰው ዕድሜ ልኩን አይስቅም።

አሁን አጣሪ ኮሚቴ መጥቷል። ክሴ «ሐሰተኛ ሰላም መንዛት» ይባላል። ከተፈረደብኝ የምሄደው ወደ ድልድዩ ምሽግ ነው። ሁሉም ነገር ሊያልቅ ሲል እዚያ መቅረት አልፈልግም ጋሼ። «አጎቴ የቋንቋ መምህር ነበሩ፤ እሳቸው ያስረዱልኝ» አልኩ። ሰብሳቢው ኮሎኔል «በጽሑፍ ያስረዱ» ብለዋል። እስከዚያው ከሬዲዮው ተነሥቼ ለኮሚቴው ሻይ አፈላለሁ።

ልጅዎ


ጥር 27 ቀን

ለእህቴ ልጅ፣

ፈጣሪ ልብህን ያረጋጋልህ፤ የእኔንም እንዲሁ።

መጀመሪያ ስለ እናትህ። የካልሲውን ወረቀት አነበብኩላት። አዳምጣ ስትጨርስ «ልጄ በሕይወቱ ስለ ካልሲ ሁለት ገጽ ጽፎ አያውቅም። ሌላው ወረቀት የት አለ?» አለችኝ። ሰጠኋት ማለት አልችልም፤ ወሰደችው ነው የሚባለው። ማንበብ ስለማትችል መልሳ ሰጥታ አስነበበችኝ። አሁን ሁሉንም ታውቃለች።

ስለ ጉዳዩ ደግሞ እውነቱን ልንገርህ። ሰው ጠዋት ተነሥቶ «ሰላም ነው» ሲልህ በአብዛኛው ሰላምታ ነው። በአርባ ዓመት ማስተማር ውስጥ የዘመድ ልጅ ነው ብዬ የተሳሳተውን ልክ ነው ብዬ አላውቅም። ይህን ስላት እናትህ «እና ልጁን በሰዋስው ልትገድለው ነው?» ብላ እራት ሳታቀርብልኝ ተኛች።

ነገር ግን ምርመራዬን አልጨረስኩም። የሰውን መልስ የማርመው ጥያቄውን ካየሁ በኋላ ነው። ያ ሰው «ሰላም ነው» ከማለቱ በፊት አንተ ምን ብለህ ጠየቅኸው? ቃል በቃል ጻፍልኝ። አታሳምር፣ አታሳጥር።

አጎትህ


የካቲት 15 ቀን

ይድረስ ለጋሼ፣

ጤና ይስጥልኝ። ቃል በቃል ይኸውልዎ። እኔ፦ «ጦሩ እንዴት ነው?» እሱ፦ «ሰላም ነው።» ሁልጊዜ እንዲህ ነው የምንባባለው። ከዚያ በኋላ መስመሩ ተቋረጠ።

ሌላም ነገር አለ። እዚህ ሻይ ሳቀርብ ብዙ እሰማለሁ። ጉዳዩ እስኪዘጋ ድረስ ቅጣት የለም። ጦርነቱ ደግሞ በየቀኑ እየሟሸሸ ነው። የማዶዎቹ ጠዋት መተኮሱን ትተው አሁን ዝም ብለው ሻያቸውን ይጠጣሉ። ጋሼ፣ የምለው ይገባዎታል። ጉልበትዎን ያሳርፉ። መነጽርዎን ደህና አድርገው ይወልውሉ። አይቸኩሉ።

ልጅዎ


መጋቢት 4 ቀን

ለእህቴ ልጅ፣

በያለህበት ጥላ ከለላ ይሁንህ።

አትቸኩል ትለኛለህ? እኔ መቼ ቸኩዬ አውቃለሁ? ለኮሚቴው የጻፍኩትን ግልባጭ ልኬልሃለሁ። አንዲት የውሸት ቃል የለችበትም።

«ለተከበረው አጣሪ ኮሚቴ። የተጠየቅሁትን ዓረፍተ ነገር መርምሬያለሁ። ጠያቂው ‹ጦሩ እንዴት ነው?› ብሏል። ጦር ሲባል ሠራዊትም ነው፣ ጦርነትም ነው፣ የሚወረወረው መሣሪያም ነው። መላሹ ‹ሰላም ነው› ሲል ከሦስቱ የትኛውን ማለቱ እንደሆነ አልገለጸም። በሌላ አነጋገር የዓረፍተ ነገሩ ባለቤት አልታወቀም። ባለቤቱ ሳይታወቅ ሰላምታ ነው ወይም ዜና ነው ብሎ መፍረድ ጥንቃቄ የጎደለው ሥራ ይሆናል። ስለዚህ ኮሚቴው በቅድሚያ ባለቤቱን አጣርቶ እንዲያሳውቀኝ በትሕትና እጠይቃለሁ።»

ፖስታ ቤት የምትሠራው ልጅ «በአስቸኳይ ይሂድ?» አለችኝ። «በተራው ይሂድ» አልኳት። እናትህ አጠገቤ ቆማ ነበር። ከወጣን በኋላ «ነገ ብናስገባውስ ኖሮ?» አለችኝ። ማታ እራት ቀረበልኝ።

አጎትህ


መጋቢት 29 ቀን

ይድረስ ለጋሼ፣

አንደበትዎን ፈጣሪ ይባርክልኝ! እዚህ የሆነውን ልንገርዎ፤ ይህን ለእማዬ ጮክ ብለው ያንብቡላት።

ኮሎኔሉ ጽሑፍዎን ሁለት ጊዜ አንብበው ቀና አሉና «ባለቤቱ ማን ነው?» አሉ። በር ላይ የቆመው ጠባቂ «ጌታዬ፣ ጆሮ ገና አላገባም» አለ። ኮሎኔሉ «አንተን ማን ጠየቀህ?» አሉት። ጸሐፊው ግን አንገቱን ደፍቶ ይጽፍ ነበርና ቃለ ጉባኤው ላይ «ባለቤቱ ተፈልጎ በአካል ይቅረብ» ብሎ አሰፈረ። ሁሉም ሳያነቡ ፈረሙ። ትእዛዙ ወደ መምሪያው ሄደ። መምሪያው ደግሞ «ሰላም ነው ያለው ማን ነው?» ብሎ ሬዲዮኛውን አገኘና የእሱን ባለቤት ላከልን።

ጋሼ፣ ሴትዮዋ በጭነት መኪና ስንቅ ላይ ተቀምጣ መጣች። ከላይ እስከ ታች ዱቄት ለብሳለች። ገና ሳትቀመጥ ጀመረች፦

«ባሌ ሰላም ነው ቢል ምን ነውር አለው? ሌላ ምን ይበል?»

ኮሎኔሉ «እመቤት፣ እኛ የፈለግነው የዓረፍተ ነገሩን ባለቤት ነው» አሏት።

«እኔ የምታውቁኝ የማን ባለቤት ሆኜ ነው ታዲያ?»

«ይሁን። ለመሆኑ ባለቤትሽ ሰላም ነው ሲል ምን ማለቱ ነው?»

«እሱ? ሰላም ነው ካለኝ አንድ ነገር ደብቋል ማለት ነው። ጣሪያው ሲያፈስ ሰላም ነው። ከሥራ ሲታገድ ሰላም ነው። ኧረ እግሩን የሰበረ ዕለትም ሰላም ነው ብሎኛል!»

ኮሚቴው ቃሏን ተቀብሎ ሻይ ጋበዛት። አሁን ነገሩ ይበልጥ ተወሳስቧል። ኮሎኔሉ ሰዋስው ላይ ባለቤት የሚባለው ምን እንደሆነ በዝርዝር እንዲያብራሩላቸው ይጠይቁዎታል። ሻምበሉም በሚስጥር ሰላምታ ልከዋል፤ የእሳቸውም ዕጣ ከእኔ ጋር ነውና «አጎትህን በርቱ በላቸው» ብለዋል።

በርጋታ ይመልሱ።

ልጅዎ


ሚያዝያ 20 ቀን

ለእህቴ ልጅ፣

ፈጣሪ ከሳቅህ አያጉድልህ። እናትህ የሴትዮዋን ቃል ሦስት ጊዜ አስነበበችኝ፤ «ይህችን ሴት ሳላገኛት አልሞትም» ትላለች።

ማብራሪያውን ከመጀመሪያው ጀምሬ ጽፌያለሁ። ስምን፣ ግሥን፣ ባለቤትን፣ ተሳቢን፣ እያንዳንዱን ከምሳሌ ጋር። ምሳሌዎቹን ከወታደር ኑሮ ስለወሰድኩ ኮሎኔሉ አይቸገሩም፦ «ወጥ ቤቱ ስኳር ደበቀ» በሚለው ውስጥ ባለቤቱ ወጥ ቤቱ ነው፤ ስኳሩ ተሳቢ ነው። መጨረሻ ላይ አንድ ጥያቄ አክያለሁ፤ መላሹ «ሰላም» ካለ በኋላ «ነው» እስኪል ድረስ ፋታ ወስዷል ወይስ አያይዞ ነው የተናገረው? በሙያዬ ይህን ሳላውቅ የመጨረሻ ቃሌን መስጠት አልችልም። ኮሚቴውም ያለ እኔ የመጨረሻ ቃል መዝገቡን እንዳይዘጋ አሳስቤያለሁ።

ልፈርም ስል እናትህ ወረቀቱን አገላብጣ አየችውና «ወንድም ጋሼ፣ እጅ ጽሑፍህ አላማረኝም። ደግመህ ጻፈው» አለችኝ። ፊደል የማትለይ ሴት! ደግሜ ጻፍኩት።

አጎትህ


ግንቦት 14 ቀን

ይድረስ ለማከብርዎ ለጋሼ፣

ሰላምታዬን አሳጥሬ ላቅርብ፤ የሚያስቸኩል ነገር አለኝ።

ጦርነቱ አልቋል። ጭምጭምታ እንዳይመስልዎ፤ ማስታወቂያው ከእነ ማኅተሙ ሰሌዳው ላይ ተለጥፏል። ለእማዬ አሁኑኑ ይንገሯት፣ ከዚያ ተመልሰው ቀጣዩን ያንብቡ።

ወታደሩ በሙሉ ሄዷል። ሃምሳ አለቃው ሁላችንንም እያቀፈ ሱቁ የት እንደሚሆን ነግሮን ሄደ። ወጥ ቤቱ የተረፈውን ምስር ለማዶዎቹ ሰጥቶ ሄደ፤ አልቀበልም ብለውት ነበር፣ አስቀምጦላቸው ሮጠ። ሻምበሉም ተሰናብተዋል፤ ክሱ በእኔ ስም ብቻ ነው የተከፈተው ተባለ። የድልድዩ ምሽግ ፈርሷል፤ ከእንግዲህ ቢፈረድብኝም የምላክበት ቦታ የለም።

እኔ ግን እዚሁ ነኝ። የተከሰሰ ሰው መዝገቡ ሳይዘጋ አይሰናበትም። መዝገቡ ደግሞ ያለ እርስዎ የመጨረሻ ቃል አይዘጋም፤ እንዲህ ብለው የጻፉት እርስዎ ነዎት ጋሼ፣ ኮሚቴውም ተስማምቶ ፈርሞበታል። አንደኛ ክፍል ውስጥ የቀረነው እኔ፣ ኮሎኔሉ፣ ጸሐፊውና አንድ ጠባቂ ነን። ሻይ አፈላለሁ፤ ዝም ብለን እንጠጣለን። ኮሎኔሉ ማብራሪያዎን ከማንበብ ብዛት በቃላቸው ይዘውታል፤ ትናንት ጠባቂውን ባለቤትና ተሳቢ ለይ ብለው ፈትነውታል። ወድቋል።

የጥያቄዎ መልስ ይኸውና። ሬዲዮኛው ተጠይቆ በጽሑፍ መልሷል፦ ፋታ አልወሰደም፤ አያይዞ ነው የተናገረው። ከዚህ በላይ የሚጣራ ነገር የለም። እባክዎ ጋሼ፣ ሌላ ጥያቄ አይጨምሩ። እማዬ ስለ እጅ ጽሑፍዎ የምትለውንም አይስሟት። ኮሎኔሉ ከእኔ በታች በገዛ እጃቸው ይጽፋሉ።

ልጅዎ

የተከበሩ መምህር፣ እኔም ቤት አለኝ፤ ባለቤትም አለችኝ፤ በየሳምንቱ «ሁሉ ሲገባ አንተ የት ቀረህ?» እያለች ትጽፍልኛለች። ምን ብዬ እንደምመልስላት አጥቻለሁ። ፍርድዎ ሰላምታ ነው የሚል ቢሆን እቀበላለሁ፤ ዜና ነው የሚል ቢሆን እቀበላለሁ። ብቻ ይህ እንደደረሰዎ በዚያው ዕለት፣ በአስቸኳይ ፖስታ መልስዎን ይላኩልን።